ሰውየው ኮሪደር ላይ ነበር

ባለፈው ሰሞን ባሕር ዳር ውስጥ ከፔዳ ወደ ጊዮርጊስ በባጃጅ እየሄድኩ ነው። አጠገቤ የተቀመጠው ወጣት ስልኩን ሲነካካ ቆይቶ «እንዴ! ይሄ ሰውዬ ደግሞ ተሾመ?» አለ። ሾፌሩ ዓይኑን ከመንገዱ ሳይነቅል «የቱ?» አለው። ስሙን ነገረው። «ያ የፓምፑን ብር የበላው?» ብሎ ሾፌሩ ሳቀ። ወጣቱም ሳቀ። ወሬው እዚያው አለቀ፤ ወደ ኳስ ተሻገሩ።

እኔ ሰውየውን አውቀዋለሁ። ከኃላፊነት ሲነሳ ክፍሉ ውስጥ ነበርኩ። ቃለ ጉባኤውን የጻፍኩትም እኔ ነኝ። ብሩን ይብላ አይብላ ግን እስካሁን አላውቅም። ሾፌሩም አያውቅም። ያነሱት ሰዎችም አያውቁም። አሁን የሾሙት ደግሞ ጭራሽ አያውቁም። ነገሩ ቆየት ቢልም የሚከነክነኝ ይኸው ነው። አንድ ሰው በሌብነት ታምቶ ተነሳ፣ ሐሜቱ ሳይጣራ ተመልሶ ተሾመ፣ መሃል ላይ ማንም ጠርቶ አልጠየቀውም።

## አጀንዳ ሦስት

የት ከተማ እንደሆነ አልናገርም። ጣና ዳር ነው። ሐይቁ አጠገባችን ተኝቶ ቧንቧችን የሚደርቅበት ቦታ ነው ብል ይበቃል። እኔ የነዋሪዎች ተወካይ ሆኜ ነው የውኃ አገልግሎቱ ቦርድ ውስጥ የገባሁት። ጥቅም ያለው ነገር እንዳይመስላችሁ። ሻይ አለው፣ ከተገኘም ቆሎ።

ኃላፊውን አልወደውም ነበር። ስልክ አያነሳም። ቢሮው ድረስ ብትሄዱ «ነገ» ይላችኋል። ለሰፈራችን የተጠየቀ መስመር ጠረጴዛው ላይ ወረቀት ሆኖ ከርሟል። አዲስ የተገዛው ፓምፕ ከተተከለ ብዙም ሳይቆይ ቀጥ ሲል ከተማው ሁሉ በአንድ አፍ «በላ» አለ። እኔም ከከተማው የተለየ ሐሳብ አልነበረኝም።

በእኛ አሠራር የቦርዱ ጸሐፊ ኃላፊው ራሱ ነው። ድምፅ አይሰጥም፤ ይጽፋል። የዚያን ቀንም መዝገቡን ይዞ ገባ። የተገኙትን ጻፈ፣ ያልተገኙትን ጻፈ። አጀንዳ አንድ፣ ያለፈውን ቃለ ጉባኤ ማጽደቅ። አጀንዳ ሁለት፣ የታሪፍ ማሻሻያ። አጀንዳ ሦስት፣ ልዩ ልዩ። እዚያ ስንደርስ ሰብሳቢው ጉሮሯቸውን ጠረግ አደረጉና «አንተ ለጊዜው ውጣልን፤ የምንነጋገርበት ነገር አለ» አሉት።

ሰውየው እስክሪብቶውን ከደነ። መዝገቡን ሊይዝ ሲል «እሱን ተወው» ተባለ። መዝገቡ ጠረጴዛው ላይ እየተንሸራተተ ወደ እኔ መጣ። የገጹ ላይኛው ግማሽ በእሱ እጅ ጽሑፍ ተሞልቷል። ፊደሉ ጠበቅ ያለ ነው፣ ወደ ቀኝ ዘመም ይላል፣ ስርዝ ድልዝ የለውም። ታችኛው ግማሽ ባዶ ነው። የእሱን መነሳት የምጽፈው እዚያ ባዶው ላይ ነበር፣ ከእሱ ፊደል ሥር።

ሲወጣ ብብቱ ሥር አንድ ቢጫ ክላሰር ነበር። እሱን ማንም ተወው አላለውም።

ሰብሳቢው ነገር አያንዛዙም። «የፓምፑ ጉዳይ ሕዝቡን አስቆጥቷል። ሰውየው በአቅም ማነስና በብልሹ አሠራር ተገምግሟል። ከበላይም የጋራ አቋም ተይዟል። እንዲነሳ እንወስን» አሉ። አንዱ «ዘገየ እንጂ!» አለ። ሌላው ሰዓቱን አየ። እጅ ሊወጣ ነው።

ከመሃላችን አንድ ጡረታ የወጡ ዳኛ አሉ። ጋሽ ዳኛው ነው የምንላቸው። ቦርዱ ውስጥ የተቀመጡት እንደ አገር ሽማግሌ ነው። ብዙ ጊዜ ዓይናቸውን ጨፍነው ስለሚያዳምጡ ያንቀላፉ ይመስለኛል።

«ሰውየው የት አለ?» አሉ።

«ኮሪደር ላይ ነው፣ ጋሼ።»

«ይግባና ይጠየቃ።»

«ተገምግሟል እኮ።»

«እኛ ነን የገመገምነው?»

መልስ የለም።

«ይሁን፣ እሱ ይቆየን። የሾምነውስ እኛ ነን?»

ሰብሳቢው ቦርዱ የበላይ ተቆጣጣሪ መሆኑን ማስረዳት ጀመሩ። ጋሽ ዳኛው ከኮታቸው የውስጥ ኪስ አራት ቦታ የታጠፈ ወረቀት አወጡ። የማቋቋሚያ ደንቡ ኮፒ ነው። መነጽራቸውን አድርገው ድምፃቸውን ሳይጨምሩ አነበቡት። ኃላፊው በከንቲባው አቅራቢነት በከተማው ምክር ቤት ይሾማል ይላል። ቦርዱ ሥራውን ይከታተላል፣ ለምክር ቤቱ የውሳኔ ሐሳብ ያቀርባል ይላል። ያነሳል የሚል ግን የትም የለም።

ወረቀቱን መልሰው እያጠፉ «ሁለት ጥያቄ አለኝ» አሉ። «አንደኛ፣ የማንሳት ሥልጣን አለን ወይ? ሁለተኛ፣ ሥልጣኑ ያለው አካልስ ቢሆን ሰውየውን ሰምቶታል ወይ? እታለም፣ ሁለቱንም እንዳልኩት መዝግቢልኝ።»

ሰብሳቢው በጣታቸው «ተዪው» የሚል ምልክት አሳዩኝ። እኔ ጻፍኩት። ጀግንነት ምናምን አልነበረም። ሐሳቤ ይመዝገብልኝ ያለ አባል ሐሳቡ ይመዘገባል፤ ይሄን የእድር ጸሐፊ እንኳን ያውቀዋል። ከዚያ ድምፅ ተሰጠ። በአብላጫ ድምፅ አለፈ። ጋሽ ዳኛው ተቃወሙ፣ እኔ ድምፀ ተአቅቦ ያዝኩ። ምሳ ሰዓት ደርሶ ስለነበር ሰብሳቢው ገጹን ሳያነቡ ፈረሙበት።

ስንወጣ ሰውየው ኮሪደሩ ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጧል። ክላሰሩን ጭኑ ላይ አድርጎታል። ሲያየን ተነስቶ ቆመ። አንዷ አባል «ደህና ዋልክ?» ብላው አለፈች። ሌሎቻችን ያንንም አላልነው።

## የምስጋና ደብዳቤ

ደብዳቤው አጭር ነበር። ከዛሬ ጀምሮ ከኃላፊነትዎ የተነሱ መሆኑን እናሳውቃለን፣ የሥራ ርክክብ እንዲፈጽሙ፣ ለእስከዛሬው አገልግሎትዎ ከልብ እናመሰግናለን። ማኅተም፣ ፊርማ፣ ግልባጭ። ለምን እንደተነሳ አንድ መስመር የለበትም። ክፍሉ ውስጥ ብልሹ አሠራር የተባለው ነገር ወረቀቱ ላይ ምስጋና ሆኗል።

ይሄ የምስጋና ነገር ሁሌም ይገርመኛል። ሰውየው ከሰረቀ ምኑ ይመሰገናል? ካልሰረቀስ ለምን ተነሳ? ደብዳቤው ሁለቱንም አይመልስም። ምክንያት ያልተጻፈበት ደብዳቤ ደግሞ ይግባኝ ለማለት እንኳን አይመችም። መልስ የሚሰጡበት ነገር የለውማ።

ባዶውን የሚሞላው ከተማው ነው። እኛ አገር አንድ ሰው ተነሳ ሲባል በላ ማለት ነው። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው ተረት ሹሙ እንደሚበላ ቀድሞ ፈርዶ ነው የሚጀምረው፤ ጥያቄው ይቆጨዋል አይቆጨውም ብቻ ነው። ልጆቹ ትምህርት ቤት ምን እንደተባሉ ሰምቻለሁ። ሚስቱ ከማኅበር ቀረች። የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል እንደሚባለው፣ ከዚያ በፊት ስሙን አንስተውት የማያውቁ ሰዎች ሁሉ ድሮም እንደጠረጠሩት ያወሩ ጀመር።

ሰውየው ግን ዝም አላለም። ለከተማው ምክር ቤት አቤቱታ ጻፈ። ማስረጃ አድርጎ ያያዘው ምን መሰላችሁ? የቃለ ጉባኤውን ኮፒ። ከእሱ ፊደል ሥር የተጻፉት የጋሽ ዳኛው ሁለት ጥያቄዎች ሕይወት አገኙ። የምክር ቤቱ የሕግ ባለሙያ ደንቡን አየ። ውሳኔው ሥልጣን በሌለው አካል የተሰጠ ነው፣ አይጸናም አለ። ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ሄደናል ማለት ነው። ቦርዱ ተግሣጽ ብጤ ደረሰው።

እዚህ ላይ ታሪኩ ያለቀ መስሎኝ ነበር። አላለቀም። በዚያው ሰሞን ምክር ቤቱ መደበኛ ጉባኤውን አደረገ። ከንቲባው የሹመትና የሽረት ሐሳብ ይዘው ቀረቡ። የእሱም ስም ነበረበት። ምልዓተ ጉባኤ ተሟልቷል፣ ሐሳብ አቅራቢው ትክክለኛው ሰው ናቸው፣ ወሳኙ ትክክለኛው አካል ነው። «የሚቃወም? የለም። ድምፀ ተአቅቦ? የለም። በሙሉ ድምፅ ጸድቋል።» ጭብጨባ። ሰውየው አዳራሹ ውስጥ አልተጠራም። የፓምፑ ነገር አልተነሳም። አዲስ ደብዳቤ ደረሰው፤ በስተመጨረሻው ያው ምስጋና አለበት።

የመጀመሪያው ጥያቄ እንከን በማይወጣለት መንገድ ተመለሰ። ሁለተኛው ባለበት ቀረ። እስከዚያ ቀን ድረስ እነዚህ ሁለቱ አንድ ነገር ይመስሉኝ ነበር።

## ብራይተን፣ አምባዛና አንቀጽ 79

ጋሽ ዳኛውን በኋላ ባሕር ዳር አገኘኋቸው። ለሕክምና መጥተው ልጃቸው ቤት አርፈዋል። ሐይቁ ዳር ዓሣ ልጋብዝዎ አልኩና ወሰድኳቸው። እኔ አምባዛ ጥብስ አዘዝኩ፤ እሳቸው ጾም ላይ ስለነበሩ ሽሮ አሉ። (ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለው ክርክር ጣና ዳር ማለቂያ የለውም። አልነካካውም።)

«ጋሼ፣ ምክር ቤቱስ ቢሆን ሰውየውን ሳይሰማ አይደል እንዴ ያነሳው?» አልኳቸው።

«ነው እንጂ። ያልሾመው ሳይሰማ ሻረው፣ ቀጥሎ የሾመው ሳይሰማ ሻረው።»

ከዚያ ስለ አንድ የእንግሊዝ ከተማ ነገሩኝ። ብራይተን ትባላለች፤ እሷም ባሕር ዳር ያለች ናት። እ.ኤ.አ. በ1958 የከተማዋ ፖሊስ አዛዥ ቻርልስ ሪጅ ከሌሎች ጋር ተከሶ ፍርድ ቤት ቀረበ። ሁለት የበታች መኮንኖች ሲፈረድባቸው እሱ ነፃ ወጣ። ችሎቱን የመሩት ዳኛ ግን አመራሩን ነቅፈው ተናገሩ። የከተማዋ ፖሊስ ተቆጣጣሪ ኮሚቴ ያንን ይዞ ሰውየውን ሳይጠራ አሰናበተው። በኋላ ጠበቃው ቀርቦ እንዲናገር ተፈቅዶለታል፤ ነገር ግን ደንበኛው በምን እንደተወቀሰ ተዘርዝሮ አልተነገረውም። ሪጅ ተከራከረ። ወንበሩን መልሱልኝ ብሎ አልነበረም፤ የጡረታ መብቱን ፈልጎ ነው። እ.ኤ.አ. በ1963 ያኔ የመጨረሻው ፍርድ ቤት የነበረው የጌቶች ምክር ቤት ስንብቱን ውድቅ አደረገው።

«ልብ በይ» አሉ ጋሽ ዳኛው። «ኮሚቴው ሥልጣን ነበረው። በሕግ የተሰጠው ሥልጣን ነው። ሥልጣን ያለውም ቢሆን ሳይሰማ ከወሰነ ውሳኔው እንዳልተወሰነ ይቆጠራል ነው ያሉት።»

ከዚያ ፍርድ ውስጥ ያስደሰተኝ ግን ሌላው ክፍል ነው። ሎርድ ሪድ የሚባሉት ዳኛ ስንብትን ሦስት ቦታ ከፍለውታል። አንዱ አሠሪ ሠራተኛውን ሲያሰናብት ነው። ሁለተኛው ሿሚው ደስ እስካለው ድረስ ብቻ የሚያዝ ሹመት ነው። ሦስተኛው አንድ ጥፋት ካልተገኘበት በቀር ሰውየው የማይነሳበት ሹመት ነው። መሰማት ግድ የሚሆነው እዚህ ሦስተኛው ላይ ነው። ጥፋት አለ ካልክ፣ ጥፋቱን ንገረውና መልሱን ስማ።

ይሄ ክፍፍል እኛም ጋ ሳይጻፍ ያለ ነው። ጠቅላይ ሚኒስትር አንድን ሚኒስትር በሌላ ሲተካ «ለምን አልተሰማም?» ብሎ የሚሟገት የለም፤ መኖርም የለበትም። የፖለቲካ እምነት ጉዳይ ነው። አብሮ መሥራት አልቻልንም ማለት በቂ ምክንያት ነው። በሌላው ጫፍ ደግሞ ዳኞች አሉ። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 79 ዳኛ ያለ ፈቃዱ ከሥራው የሚነሳበትን በር አጥብቦታል። የዲሲፕሊን ጥፋት፣ ጉልህ የሥራ ችሎታና ቅልጥፍና ማነስ ወይም ሕመም መኖሩን መጀመሪያ የዳኞች አስተዳደር ጉባኤ ይወስናል። ቀጥሎ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት፣ በክልል ከሆነ የክልሉ ምክር ቤት፣ በአብላጫ ድምፅ ያጸድቃል። አንድ አካል መርምሮ ይወስናል፣ ሌላው ያጸድቃል። እዚሁ ባሕር ዳር የተቀመጠው የክልላችን ምክር ቤት የአንድን የወረዳ ዳኛ መነሳት ከማጽደቁ በፊት የጉባኤው ውሳኔ ፊቱ ሊቀርብ ይገባል። የሰብዓዊ መብት ኮሚሽነርን ለማንሳትም በአዋጅ ቁጥር 210/1992 ልዩ አጣሪ ጉባኤ ይቋቋማል፤ ውሳኔውም ከምክር ቤቱ ሁለት ሦስተኛ ድምፅ ይፈልጋል።

ተራው የመንግሥት ሠራተኛም ቢሆን ሜዳ ላይ አልተጣለም። በፌዴራል ደረጃ እስከ 2017 ድረስ ይሠራበት በነበረው አዋጅ ቁጥር 1064/2010 መሠረት ከባድ ቅጣት ከመወሰኑ በፊት ክስ ይደርሰው ነበር፣ መልስ ይሰጥ ነበር፣ ይግባኝም ነበረው። ከሚኒስትር ዴኤታ ጀምሮ ወደ ላይ ያሉ ሹሞች ግን ከዚህ አዋጅ ውጪ ነበሩ። ታች ወርዳችሁ ከተማና ወረዳ ላይ ስትጠይቁ የምትሰሙት መልስም የዚያ ታናሽ ወንድም ነው፦ «እሱ ተሿሚ ነው፣ ሠራተኛ አይደለም።»

የእኛ ሰውዬ የወደቀው እዚህ መሃል ላይ ነው። ዳኛ ስላልሆነ አንቀጽ 79 አይደርስለትም። ሠራተኛ አይደለም ስለተባለ የዲሲፕሊን ኮሚቴ አይደርስለትም። ሚኒስትር ስላልሆነም ፖለቲካ ነው ብለን የምናልፈው ሰው አይደለም፤ ቧንቧ ነው የሚያስተዳድረው። ሹመቱ የቧንቧ፣ የተነሳበት ምክንያት የሌብነት፣ የተነሳበት መንገድ ደግሞ የሚኒስትር።

ጋሽ ዳኛው በወጣትነታቸው የችሎት ጸሐፊ ነበሩ። የ1948ቱን ሕገ መንግሥት ያስታውሳሉ። አንቀጽ 27 ላይ ሹማምንትን መሾም፣ ማሳደግ፣ ማዛወር፣ ማገድና መሻር የንጉሠ ነገሥቱ እንደሆነ ተጽፏል። «ያኔ ማን ይሽራል የሚል ጥያቄ አልነበረም» አሉኝ። «መልሱ አንድ ሰው ነው። አሁን ምክር ቤት አለ፣ ከንቲባ አለ፣ ቦርድ አለ፣ ፓርቲ አለ። ሁሉም የሾመ ይመስለዋል።»

«ያኔ ይሻል ነበር ለማለት ነው?»

«ኧረ ተይ እንጂ! ያኔም እኮ በአንቀጽ 43 ያለ ሕግ ሥርዓት ሕይወት፣ ነፃነት፣ ንብረት አይነካም ይል ነበር። ሹመት ግን ከሦስቱ አንዱ አይደለም። ስጦታ ነው። ስጦታውን መልሶ የሚወስድ ሰው ምክንያት አይናገርም። እኛ እስከዛሬ ያልለቀቀን እሱ ነው።»

## ግምገማ መሰማት ነው ወይ?

«ተገምግሟል» የሚለው መልስ ቦርዱ ውስጥ ብቻ አይደለም የሚሰማው። ግምገማ የተቀመጠ ሰው ያውቀዋል። ወንበር ክብ ተደርጎ ይቀመጣል። ሂስ ይወርዳል፣ ግለ ሂስ ይጠየቃል። ሰውየው በርግጥ ይናገራል፤ እንዲያውም ሰዓታት ሊናገር ይችላል። ስለዚህ ተሰምቷል የሚሉ አሉ።

እኔ አልስማማም። ግምገማ ላይ ከሳሹ፣ ምስክሩና ፈራጁ አንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ናቸው፤ ሚናቸውንም በየደቂቃው ይለዋወጣሉ። ክሱ ከመጀመሩ በፊት አይታወቅም፤ እየተወራ ነው የሚወለደው። «ኪራይ ሰብሳቢ ዝንባሌ ይታይበታል» ለሚል ነገር ምን ሰነድ ታቀርባለህ? ፓምፑን በስንት ገዛህ፣ ከማን ገዛህ፣ ማን ፈረመ ቢባል ግን መልስ አለው። ወይ ያድነዋል ወይ ያጠፋዋል፤ መልስነቱ ግን አይቀርም።

የድሮ ሰዎች በዚህ በኩል ከእኛ ይሻሉ ነበር ብዬ የማስብበት ጊዜ አለ። ቁራኛ የሚባለውን ሥርዓት ታውቁታላችሁ። ከሳሽና ተከሳሽ በልብሳቸው ጫፍ ተቋጥረው ዳኛ ፊት እስኪቀርቡ አብረው ይሄዱ ነበር። ጭካኔም ነበረበት፤ ተቆራኝቶ ስንት ቀን የሚከርም ነበረ። ግን ከሳሹ ማን እንደሆነ የማይታወቅበት መንገድ አልነበረም። ዛሬ «ከበላይ የጋራ አቋም ተይዟል» ሲባል ነጠላውን ከማን ጋር ነው የሚቋጥሩት?

## ክላሰሩ

ሰውየውን ራሱን ያገኘሁት ለቅሶ ቤት ነው። አጠገቤ መጥቶ ተቀመጠና «ቃለ ጉባኤውን የጻፍሽው አንቺ ነሽ አይደል?» አለኝ። አዎ አልኩት። «እግዜር ይስጥልኝ» አለ። ትንሽ ቆይቼ ድፍረቱን አገኘሁና ያ ቢጫ ክላሰር ውስጥ ምን እንደነበር ጠየቅኩት። በሌላ ቀን ቤቱ ቡና ጠርቶ አሳየኝ።

መጀመሪያ የነበረው እሱ የጻፈው ደብዳቤ ነው። የፓምፑ አቅም ከጉድጓዱ ጥልቀት ጋር እንደማይመጣጠን ገልጾ ግዥው እንዲቆም ይጠይቃል። ቀኑን አየሁ፤ ክፍያው ከመፈጸሙ በፊት ነው። ልቤ ወደ እሱ አዘነበለ። ገጹን ስገልብ የርክክብ ሰነዱ መጣ። ፓምፑ በውሉ መሠረት ተሟልቶ ተረክበናል ይላል። ከሥሩ የእሱ ፊርማ አለ፤ ያው ወደ ቀኝ ዘመም ያለው እጅ። አይሆንም ያልከውን ዕቃ እንዴት ተሟልቷል ብለህ ተረከብክ? ጠየቅኩት። «ፈርም ተባልኩ» አለ። ማን አለህ? ዝም አለና ከፊርማው ጎን ያለውን ሌላ ፊርማ በጣቱ ነካ አደረገው። የማን እንደሆነ አወቅኩት። ያን ቀን ጠረጴዛው ዙሪያ ከተቀመጡትና እጃቸውን ካወጡት የአንዱ ነበር።

«ይሄን ሁሉ ይዘህ ለምን አልተናገርክም?» አልኩት።

«ማን ጠየቀኝ?»

ከዚያ ቤት ስወጣ ሰውየው ንጹሕ ነው ብዬ አልወጣሁም። ሌባ ነው ብዬም አልወጣሁም። ምናልባት ፈሪ ነው። ምናልባት ፊርማው በነፃ አልነበረም። እኔ መርማሪ አይደለሁም፤ አንድ ክላሰር አይቶ የሚፈርድ ሰውም ያው ክላሰሩን ሳያይ ከፈረደው ብዙ አይርቅም። ነገር ግን ያን ቀን በሩ ተከፍቶ ቢገባ ኖሮ እነዚህ ሁለት ወረቀቶች ጠረጴዛው ላይ ይወጡ ነበር። ሁለተኛው ፊርማም አብሮ ይወጣ ነበር። ባለ ፊርማውም በገዛ ጉዳዩ ፈራጅ ሆኖ መቀመጡ ይታይ ነበር።

ሹሙን ሰምቶ ማንሳት ለሹሙ የሚደረግ ውለታ ነው የሚሉ ሰዎች የሚስቱት እዚህ ላይ ይመስለኛል። «ለሌባ ምን መከላከያ!» ይላሉ። እስቲ የተረፈውን እንቁጠር። የፓምፑ ገንዘብ የት እንደገባ ከተማው አላወቀም። ሁለተኛው ፈራሚ ቦታው ላይ ነው። ሰውየው ሌላ ቦታ ሲታጭ የግል ማኅደሩ ውስጥ የተገኘው አንድ ሰነድ ነው፤ እሱም የምስጋና ደብዳቤ ነው። ምንም ጥፋት ተመርምሮ አልተገኘበትምና ሹመቱን የሚቃወም ሰው ምን ይዞ ይቃወም? የባጃጅ ወሬ? ሳይሰማ የተነሳው ሹም ንጹሕ ከነበረ ተበድሏል። ሌባ ከነበረ ደግሞ ከዚህ የተመቸ አነሳስ አያገኝም።

## አምስት የሥራ ቀን

አሁን ደንቡ እየተሻሻለ ነው። አዲስ ሰብሳቢ መጥተዋል፣ ወጣት ናቸው፣ ያነባሉ። ቦርዱ ረቂቅ እንዲያቀርብ ምክር ቤቱ ጠይቋል። ጋሽ ዳኛው አቅም ስለከዳቸው ለቀዋል፤ በስልክ ግን አይለቁኝም።

በረቂቁ ውስጥ አንድ አንቀጽ አስገብቻለሁ። ኃላፊውን የሚያነሳው የሾመው ምክር ቤት ብቻ ነው። ምክንያቱ ጥፋት ከሆነ ጥፋቱ በጽሑፍ ይደርሰዋል፣ መልሱን ለማዘጋጀት አምስት የሥራ ቀን ይሰጠዋል፣ መልሱ ምክር ቤቱ ፊት ይነበባል። በጉዳዩ ላይ ፊርማ ያለው አባል ድምፅ አይሰጥም። ምክንያቱ ጥፋት ካልሆነና ምክር ቤቱ ሌላ ሰው ከፈለገ ያንኑ ጽፎ ይቀይረዋል፤ በስሙ ላይ ሌላ ነገር አይለጥፍም። የውሳኔው ምክንያት ደብዳቤው ላይ ይጻፋል።

ብዙው ያለ ክርክር አለፈ። ምክንያት ይጻፍ የሚለው ላይ «ደብዳቤ ይረዝማል» ያለ ሰው ነበር፤ ተሳቀበትና ተወው። የተጣላነው አምስቱ ቀን ላይ ነው። በአምስት ቀን ውስጥ ሰነድ ያሸሻል ይላሉ። እውነት አላቸው፤ ሊያሸሽ ይችላል። ስለዚህ ከሥራ ታግዶ ይቆይ፣ ቢሮው ይታሸግ፣ ነገር ግን የሚያስፈልገውን ሰነድ ኮፒ ይውሰድ አልኩ። «አንድ ቀን ይበቃዋል» አሉ። ወደ ሦስት ዝቅ ይበል የሚል አስታራቂ ሐሳብም መጥቷል።

ማክሰኞ እንቀጥላለን። እኔ አምስቱን ይዤ ነው የምገባው።